በኮባ የጠቀለልኩት የሊሊ ሥር

መጀመሪያ የተቃጠለው ምላሴ ነው። ቀጥሎ ደነዘዘ። ዐቢይ ጾም ነበር፤ ከቅዳሴ መልስ የተቀቀለ ቦዬ በዳጣ በልቼ፣ እጄን ታጥቤ ገና መቀመጤ ነው። ዳጣው ነው አልኩ። የሆሳዕና ከተማ ዳጣ እንኳን የእንግዳውን የአገሬውንም ምላስ ያቃጥላል። ውኃ ጠጣሁ፤ አልለቀቀኝም። ጉሮሮዬን ከውስጥ አሸዋ የፈተገው መሰለኝ። ባዶ ሆዴን ስለዋልኩ ነው ብዬ ጋደም አልኩ።

ይህን የምጽፈው እንደኔ ጋደም ለሚሉ ሰዎች ነው። የታመመ ሰው አልጋ አጠገብ ተቀምጠው ምን እንደያዘው ለማያውቁም ነው። ደግሞም በየበረንዳውና በየጓሮው ሊሊ ለሚተክሉ፣ እንደኔ አበባ ለሚወዱ ሴቶች ነው።

እኔ አስተማሪ ነኝ። የተወለድኩት ጎጃም ውስጥ፣ ከደብረ ማርቆስ ወጣ ብሎ ነው። ሆሳዕና በምደባ መጥቼ ቀረሁ፤ መጀመሪያ ያስተማርኳቸው ልጆች ዛሬ የራሳቸውን ልጆች ይዘው ያስመዘግባሉ። የምኖረው እትዬ አማረች በሚባሉ የሀዲያ እናት ግቢ፣ ከዋናው ቤት ጀርባ ባለች ክፍል ነው። እትዬ አማረች ባላቸው ሞተዋል፣ ልጃቸው ሆመቾ ከተማ አግብታለች፤ ፕሮቴስታንት ናቸው፣ ጸሎታቸው ግድግዳ አልፎ ይሰማል። እኔ ደግሞ ጠዋት ተነሥቼ ነጠላዬን አጣፍቼ ስወጣ፣ "ሂጂ፣ ለእኔም ጨምሪበት" ይሉኛል። እንዲህ ሆነን ነው የኖርነው።

ግቢው ውስጥ ሦስት ዓይነት ሊሊ ነበረኝ። አንደኛው ነጩ ነው፤ ውኃ ስለሚወድ ከቧንቧው ሥር፣ ጭቃው ከማይደርቅበት ተክየዋለሁ። ሁለተኛው በረንዳ ላይ በቀለም ቆርቆሮ የተተከለው ብርቱካናማው ነው። ሦስተኛውን ሀደሮ የተወለደች የሥራ ባልደረባዬ ከቤተሰቦቿ አጥር ቆፍራ አመጣችልኝ። የእሱን ቅጠል ብታዩት ጫፉ እንደ ክር ተጠምዝዞ አጥሩን ይይዛል፤ አበባው ቀይ ሆኖ ዳሩ ቢጫ ነው፤ ወደ ላይ ሲታጠፍ የነደደ እሳት ይመስላል። መንገደኛ ቆሞ ያየዋል። ክረምቱ ሲያልፍ ግን ግንዱ ይደርቅና ሥሩ ብቻ መሬት ውስጥ ይተኛል፤ በልግ ሲገባ ነው የሚነሣው። ሀደሮ ቆላማ ስለሆነች እዚያ ማንም አይነካውም፤ የእኛ ብርድ ግን ሥሩን እንዳይገድልብኝ ፈርቼ በበጋ አወጣው ነበር።

የት እንደማስቀምጠው ያስተማሩኝ እትዬ አማረች ራሳቸው ናቸው፤ ስለ አበባ ብለው ግን አልነበረም። በዚህ አገር የሚቀመጥ ነገር ሁሉ ኮባ ይለብሳል። ቆጮው በእንሰት ቅጠል ነው የሚጠቀለለው፣ ቅቤውም፣ ለዘር የሚቀመጠው ቦዬም። "ፌስታል ያፍነዋል፣ ኮባ ግን ያስተነፍሰዋል" ይሉኝ ነበር። እኔም የሊሊዬን ሥሮች በደረቀ ኮባ ጠቀለልኩ፣ በቃጫ አሰርኩ፣ ከኩሽናው ጀርባ ጥላ ሥር አፈር ለበስ አድርጌ አስቀመጥኩ። ያን ሰሞን እትዬ ልጃቸው ወልዳ ሆመቾ ነበሩ። ሲመለሱ ስለ ሕፃኑ አወራን፤ ስለ ሊሊው ሥር ማን ያወራል?

ቦዬን ለማያውቅ ልንገር፤ እንደ ድንች ከመሬት ይወጣል፣ ረዘም ይላል፣ ቆዳው ቡናማ፣ ውስጡ ነጭ ነው። የዚያ ሊሊ ሥርም ረዘም ይላል፣ ቆዳው ቡናማ፣ ውስጡ ነጭ ነው።

የዚያን ቀን ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ እትዬ ኩሽናው በር ላይ ቆመው ጠበቁኝ።

"ቲቸር፣ ዛሬስ በምን ልትፈቺ ነው?"

"ሽሮ አለኝ፣ እትዬ።"

"ሽሮ፣ ሽሮ! ሆድሽ ውስጥ ሽምብራው በቀለ እኮ። የእናንተ አምላክ ከቅቤ ጋር ምን አጣላው?"

"አልተጣሉም፤ ለፋሲካ ነው ያስቀመጠው።"

ሣቁ። "ይሁን። ቦዬ ቀቅዬልሻለሁ። በቦዬስ ጠብ የለም አይደል?"

ከአንድ ሳህን በላን፤ እሳቸው ከወዲያ፣ እኔ ከወዲህ። እኔ ከዋዜማው ጀምሮ እህል አልቀመስኩም ነበርና ቶሎ ቶሎ በላሁ። አንዱ መረረኝ። ደግሜ በዳጣ ነከርኩት። ሰው ደክሞ፣ ያውም ለእኔ ጾም ብሎ ያበሰለውን መረረኝ ማለት ነውር መስሎኝ ዋጥኩት።

ፀሐይ ስትጠልቅ ማስመለስ ጀመርኩ።

የበላሁት ወጣ። ውኃ ወጣ። ቢጫ ወጣ። ሆዴ ተቆረጠ። ከመጸዳጃ ቤት ተነሥቼ አልጋዬ ሳልደርስ እመለሳለሁ። እግሬ ከዳኝ። እትዬን ጠራሁ፤ ድምፄ አልወጣም። ግድግዳውን መታሁ።

ባጃጅ አስጠሩ። ራሴን ጭናቸው ላይ አድርገው "ኢየሱስ፣ ኢየሱስ" ይላሉ፤ እኔ "እመቤቴ" እላለሁ። ያን ቀን ሹፌሩ ጉድጓዱን ሁሉ አውቆ ሲያልፈው አስታውሳለሁ።

ድንገተኛ ክፍል ያገኘን ወጣት ዶክተር ዓይኔን ገልጦ አየ፣ የክንዴን ቆዳ ቆንጥጦ ለቀቀው። ቆዳው ቶሎ አልተመለሰም።

"ምን በላሽ?"

"ቦዬ።"

"ሌላስ?"

"ምንም። ጾመኛ ነኝ።"

"አብሮሽ የበላ ሰው አለ?"

"እኔ አለሁ" አሉ እትዬ። "ከአንድ ሳህን ነው የበላነው። ይኸው፣ እኔ ምንም አልሆንኩም።"

እውነታቸውን ነው። ይህ እውነት ግን ሁላችንንም ከምግቡ ላይ ዓይናችንን አስነሣን። ዶክተሩ አተት ሊሆን ይችላል ስላለ ለይተው አስተኙኝ። በሁለቱም ክንዴ ግሉኮስ ገባ። ሰገራዬ ተመረመረ፤ የኮሌራም የታይፎይድም ነገር አልተገኘበትም። በማግስቱ ማስመለሱ ቀነሰ፣ ተቀምጬ አጥሚት ቀመስኩ። እናቴ ከጎጃም ስትደውል፣ "ትንሽ ጉንፋን ነው፣ እማዬ" አልኳት። እትዬ ልብሴን ይዘው መጡ። ሁላችንም ያለፈ መሰለን።

እንዲህ ያለ መርዝ መሀል ላይ ዕረፍት ይሰጣል። ይህን ያኔ አላወቅሁም። አንባቢ ሆይ፣ ዕረፍቱን አትመኑት።

ከዚያ ትኩሳት ያዘኝ። ድዴ ደማ። ጡንቻዬ ሁሉ የተወቀጠ ያህል አመመኝ። ሽንቴ አነሰ። ዶክተሩ የደሜን ውጤት ይዞ መጣና አልጋው ጫፍ ላይ ቆመ፤ ከዚያ በፊት ቆሞ አያውቅም፣ ሁልጊዜ እየተራመደ ነበር የሚያወራው።

"ነጭ የደም ሴልሽ በጣም ወርዷል" አለ። "ደም የሚያረጋው ፕላትሌትም እንደዚሁ። ኩላሊትሽን የሚያሳየው ክሬቲኒን ደግሞ ከፍ ብሏል። ይሄ አተት አያደርገውም።"

"ታዲያ ምንድን ነው?"

"አላውቅም" አለኝ። አለማወቁን ስላልደበቀኝ እስከ ዛሬ አመሰግነዋለሁ። ወንበር ስቦ ተቀመጠና ወደ እትዬም ዞረ። "ያንን ምሳ ከመጀመሪያው ንገሩኝ። ቦዬው ከየት መጣ? ማን ላጠው?"

"ከገበያ ነዋ" አሉ እትዬ። "እኔ ገዛሁ፣ እኔ ላጥኩ፣ እኔ ቀቀልኩ። የገዛሁት አነሰብኝና ከጓሮ ከኮባው ውስጥ ያለውን ጨመርኩበት።"

"ከየትኛው ኮባ?" አልኩ።

"ከኩሽናው ጀርባ፣ አንቺ ያስቀመጥሽው። ለዘር መስሎኝ ሁለቱን ብቻ ነው ያነሣሁት። በልግ ሲገባ ልተካልሽ ነበር እኮ፣ ልጄ።"

ከትራሱ ቀና አልኩ።

"እትዬ፣ እሱ አበባ ነው።"

እትዬ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። ከዚያ ተነሥተው ወጡ። ጥለውኝ የሄዱ መስሎኝ ነበር። ሲመለሱ ሻሻቸው ወልቆ አንገታቸው ላይ ነው፤ የቀረውን ሥር ከነኮባው በፌስታል ይዘው መጡ። ዶክተሩ በእጁ ሳይነካ አየው። ስልኬ ላይ አበባውን ፎቶ አንሥቼው ነበርና አሳየሁት። የራሱን ስልክ አውጥቶ ብዙ አነበበ፣ አዲስ አበባ ላለ ሌላ ሐኪም ደወለ፣ ፎቶውን ላከለት።

"ስሙ ግሎሪዮሳ ነው" አለኝ ተመልሶ። "ሥሩ ኮልቺሲን የሚባል መርዝ አለው። መቀቀል አያጠፋውም። መርዙ ሰውነት ውስጥ አዲስ ሴል እንዳይሠራ ያግዳል፤ ደምሽ የወረደው ለዚህ ነው። እሳቸው የደረሳቸው የገበያው ቦዬ ነው። ላንቺ ይሄ ደረሰሽ።"

"መድኃኒቱስ?"

"ማርከሻ የለንም። ፈሳሽ እንሰጥሻለን፣ ኢንፌክሽን እንከላከላለን፣ ደም እንሰጥሻለን። የቀረውን ሰውነትሽ ራሱ ነው የሚያደርገው። እንጠብቃለን።"

እንጠብቃለን። ከሁሉም ቃል ይህ ከበደኝ።

ፍርሃቴ ሞትን ብቻ አልነበረም። ንስሐ አባቴ መጥተው አናዘውኝ ነበርና ስለ ነፍሴ እግዚአብሔርን ታመንኩ። የጨነቀኝ ከሞትኩ በኋላ የሚወራው ነው። ጾመኛዋን ጎጃሜ ጴንጤዋ አከራይዋ መርዛ ገደለቻት ይባላል። ማን ያስረዳል? እናቴ ምን ብላ ታምናለች? ዶክተሩ መድኃኒት ሊሰጠኝ ሲገባ ክንዱን ያዝኩት።

"ከሞትኩ የእሳቸው ጥፋት እንዳልሆነ ምስክሬ ሁን" አልኩት።

"ምስክርነቱን ተይውና ይሄንን ዋጪ" አለኝ ኪኒኑን እየሰጠ። ሲወጣ ግን ዓይኑን ጠረገ።

ኢንፌክሽን እንዳይዘኝ ጠያቂ ተከለከለ። ሆሳዕና ውስጥ ሕመምተኛ አለመጠየቅ ጠላትነት ነው፤ የትምህርት ቤቱ ሰው፣ የሰንበቴ ማኅበርተኞቼ፣ የእትዬ የጸሎት ጓደኞች፣ ሁሉም መጣ። ያቆማቸው ጥበቃው አልነበረም። እትዬ አማረች በሩ ላይ ተቀምጠው ነበር። አንዱን በሀዲይኛ፣ አንዱን በአማርኛ፣ "ከወደዳችኋት እዚሁ ቁሙ" ይላሉ። የመጣው አጥሚት እሳቸው ጋ ያልቃል። እሳቸው ራሳቸው ወደ ውስጥ አልገቡም። ዶክተሩ ጭንብል አድርገው መግባት እንደሚችሉ ነግሯቸው ነበር። "የእኔ እጅ አይቅረባት" አሉት። በሩ በተከፈተ ቁጥር ጀርባቸውን አያለሁ።

ከቤተ ክርስቲያን ጠበል መጣልኝ። ዶክተሩ ያልፈላ ነገር እንዳልጠጣ ከልክሎኝ ስለነበር ተጨነቅሁ፤ አለመጠጣት እምነት ማጉደል መሰለኝ። ንስሐ አባቴን በስልክ ጠየቅሁ። "ራስጌሽ አድርጊው፣ ልጄ፤ እግዚአብሔር ጠርሙስ ውስጥም ይሠራል" አሉኝ። ራስጌዬ አደረግሁት። እንደኔ የምትጨነቁ ካላችሁ፣ ጠይቁ። ለብቻችሁ አትወስኑ።

ትኩሳቱ ወጣ፤ ወረደ። ደግሞ ወጣ። አንድ ጠዋት ዶክተሩ ገባና፣ "የደም ሴልሽ ዛሬ አልወረደም" አለ። ደስታውን ሊያሳየኝ አልደፈረም። በማግስቱ፣ "ትንሽ ወጥቷል" አለ፤ ያኔ ግን ሣቀ።

ከዚያ በኋላ ያለው ሕመም ረጅምና ዝግተኛ ነው፤ ሽንቴ ተስተካከለ፣ ድዴ መድማቱን ተወ፣ ከአልጋው እስከ መስኮቱ እየተደገፍኩ መሄድ ጀመርኩ፣ የጣቶቼ ጫፍ መደንዘዝ ግን ወደ ቤት ከተመለስኩም በኋላ ስለዘለቀ ጠመኔ ስይዝ እየወደቀብኝ ተማሪዎቼ ለማንሣት ይሻሙልኝ ነበር። ልሰናበት ስል ጠጉሬ መርገፍ ጀመረ። ማበጠሪያውን ሳወጣው ሙሉ ጉንጉን ተከትሎት መጣ፤ ዶክተሩ አስቀድሞ ነግሮኝ ስለነበር አልጮህኩም፣ ዝም ብዬ በሶፍት ጠቀለልኩት። ፋሲካን ራሴን በሻሽ አስሬ፣ በላዩ ነጠላ ተከናንቤ ዋልኩ፤ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሁላችንም ተከናንበን ስለምንቆም ማንም ለይቶ አላወቀኝም፣ ይህም ትልቅ ዕረፍት ሆነልኝ።

ከሐኪም ቤት የተመለስኩ ዕለት ግቢውን ሳየው ደነገጥኩ። ከቧንቧው ሥር ያለው ነጩ ሊሊ ከሥሩ ተነቅሏል። የበረንዳዬ ቆርቆሮ ባዶ ነው። ምንም የማያውቀው ጽጌረዳ ሳይቀር ተቆርጧል። እትዬ መዳፋቸውን በቀሚሳቸው እያሻሹ ቆመዋል።

"ምነው፣ እትዬ?"

"ሁሉም አበባ አይደል?" አሉ። ቀና ብለው አላዩኝም።

መዳፋቸው ቀልቶ አብጧል። የነጩ ሊሊ ፈሳሽ ቆዳ ያሳክካል፤ ያለ ጓንት በእጃቸው ሲነቅሉት ነው የያዛቸው። ቧንቧው ጋ ወሰድኳቸውና ሳሙና አስይዤ፣ ውኃውን ረዘም ላለ ጊዜ አፈሰስኩላቸው። ያኔ ነው ያለቀሱት፤ እኔ ሆስፒታል ሳለሁ አንድም ቀን ሲያለቅሱ አልሰማሁም ነበር።

ከዚያ ቀን በኋላ ግን አላበሰሉልኝም። ቡና ያፈላሉ፣ እንጨት ያስገቡልኛል፣ ልብሴን ከዝናብ ያነሡልኛል፤ ምግብ ግን በእጃቸው አያቀርቡልኝም። የቀረው ሕመም ይሄ ነበር። ዶክተሩ የማያየው።

አሁን የተማርኩትን ልናገር።

ሊሊ አትትከሉ አልልም። እኔም እንደገና ተክያለሁ። ነጩን እርጥበት ባለበት፣ ፀሐዩ በረድ በሚልበት ትከሉት፤ ስትቆርጡትና ስትነቅሉት ጓንት አድርጉ፣ ካልሆነ ቶሎ ታጠቡ። በቆርቆሮ የምትተክሉ ቆርቆሮውን ከሥር ብሱት፤ ውኃ ከተኛበት ሥሩ ይበሰብሳል። እሳት የሚመስለውን ከወደዳችሁ ሥሩን አጋድማችሁ፣ የሚያቆጠቁጥበት ጫፍ እንዳይሰበር ተጠንቅቃችሁ ቅበሩት፣ የሚይዘው አጥር ወይም እንጨት ስጡት። ቅጠሉ ቢጫ ሲሆን ውኃውን አቁሙ። ከዚያ አታውጡት። እኔ አሁን የምተክለው በባልዲ ነው፤ ሲደርቅ ከነአፈሩ፣ ከነባልዲው ዝናብም ብርድም የማያገኘው ጥግ አስገባዋለሁ። ኩሽና አጠገብ አይቀመጥም። ምግብ በሚጠቀለልበት ነገር አይጠቀለልም። ልጅ ወይም ከብት ባለበት ቤት ባይኖር ይሻላል። ደግሞ ጽፎ መለጠፍ ብቻ አይበቃም፤ ግቢው ውስጥ ለሚኖር ሰው ሁሉ በአፋችሁ ንገሩ።

ለምትታመሙና ለምታስታምሙ ደግሞ፣ ሐኪሙ ምን በላችሁ ሲላችሁ የምግቡን ስም ብቻ አትንገሩት፤ ምግቡ ውስጥ የገባውን እያንዳንዱን ነገር፣ ከየት እንደመጣ ጭምር ንገሩት። የተረፈ ካለ ይዛችሁ ሂዱ። አብሮኝ የበላው ደህና ነው ብላችሁ ምግቡን ነፃ አታውጡት። ወተት ወይም የቤት መድኃኒት እየሞከራችሁ ሰዓት አታጥፉ። እኔ ምላሴ ሲደነዝዝ ተነሥቼ ብሄድ ኖሮ መርዙ ገና ሆዴ ውስጥ ሳለ ሊያወጡልኝ ይችሉ ነበር ብሎኛል ዶክተሩ። ጠጉርም ይመለሳል። የእኔ ሲመለስ ለስላሳ ሆኖ ነው፤ እናቴ በኋላ መጥታ ስትነካው "እንደ ልጅነትሽ" አለችኝ።

እግዚአብሔርን አመሰግናለሁ። አላውቅም ብሎ ወንበር ስቦ የተቀመጠውን ዶክተር አመሰግናለሁ። ደማቸውን የሰጡኝን፣ ስማቸውን የማላውቃቸውን ሰዎች አመሰግናለሁ። በሩ ላይ የተቀመጡትን ደግሞ በሌላ መንገድ ማመስገን ነበረብኝ።

ዐቢይ ጾም ተመልሶ ሲመጣ፣ ከቅዳሴ ስወጣ ገበያ ገባሁና ቦዬ ገዛሁ። በቀጥታ እትዬ ኩሽና ይዤው ሄድኩ።

"እትዬ፣ ዛሬስ በምን ልፍታ?"

ቦዬውን አዩት። ፊታቸው ጠቆረ። "ሽሮ የለሽም እንዴ?"

"ሽምብራው ሆዴ ውስጥ በቀለ።"

ቢላዋ አነሡ። አንድ አንዱን እያገላበጡ አዩ፣ አሸተቱ፣ ላጡ፣ ቀቀሉ። ሲያቀርቡት ሳህኑ ላይ ያለው እያንዳንዱ ቦዬ መሀሉ ላይ ለሁለት ተቆርጧል። ግማሹን አንሥተው በሉ፣ ዋጡ፣ ጠበቁ። ከዚያ ሌላውን ግማሽ ወደ እኔ ገፉት።

"አሁንስ ካመመን" አሉ፣ "ዶክተሩ ማንን ይጠይቅ?"

ከዚያ ወዲህ እንዲህ ነው የምንበላው፤ ከአንድ ሳህን ብቻ ሳይሆን ከአንድ ቦዬ። ዳጣውን አሳንሼዋለሁ። ሲመረኝም እንደምናገር ቃል ገብቼላቸዋለሁ።